መቀስ አትወልድም

«ደህና ነገር ይጻፍ የነበረው ሳንሱር በነበረ ጊዜ ነው።»

ይህን አባባል ያልሰማ አንባቢ ካለ ዕድለኛ ነው። እኔ በሻይ ቤትም፣ በመጽሐፍ ምረቃ ላይም፣ ብዙ በተማረ ሰው አንደበትም ሰምቼዋለሁ። የአባባሉ ወዳጆች እንዲህ ሲሉ ይቀጥላሉ፦ ደራሲ መቀስ ሲፈራ ሰምና ወርቅ ያበጃል፤ ነጻነት ሲያገኝ ግን ይዝረከረካል፤ ወርቅም ቢሆን የሚፈተነው በእሳት ነው። ከዚያ ወዲያ ምስክር ፍለጋ ባሕር ይሻገራሉ። የመጽሐፍ ሰዎች ሩስያን ይጠራሉ። የሲኒማ ሰዎች ደግሞ ስፔንን ይጠሩና «የፍራንኮን ዘመን እዩ! ባርዴምን እዩ! ታፍኖ ሳለ ሠራ፣ ነጻ ሲወጣ ደከመ» ይሉናል።

እኔ ይህን ክርክር አልቀበለውም። የተጠራውን ምስክር ግን አልሸሸውም። እንዲያውም ይቁምና ይናገር። የሁዋን አንቶንዮ ባርዴም የሥራ ዘመን ከዳር እስከ ዳር ቢመረመር የሚመሰክረው የመቀስን ወላድነት ሳይሆን መካንነት ነው። (ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ባርዴም በ1922 ማድሪድ ውስጥ ተወለደ። አባቱም እናቱም ተዋንያን ነበሩ። የዛሬው ተመልካች በሆሊውድ ፊልሞች የሚያውቀው ሐቪየር ባርዴም የእኅቱ ልጅ ነው። ሁዋን አንቶንዮ ግን በመጀመሪያ የተማረው የእርሻ ምህንድስና ነበር። መንግሥት በ1947 ማድሪድ ላይ የሲኒማ ትምህርት ቤት ሲከፍት ከመጀመሪያዎቹ ተማሪዎች አንዱ ሆነ፤ እዚያም ከሉዊስ ጋርሲያ ቤርላንጋ ጋር ተገናኘ። ሁለቱ ጓደኛሞች በባሕርይ የማይገጥሙ ነበሩ። ቤርላንጋ ስቆ የሚያልፈውን ባርዴም ተቆጥቶ ይይዘዋል። ባርዴም በዚህ ላይ በሕግ የታገደው የስፔን ኮሚኒስት ፓርቲ የኅቡዕ አባል ነበር። በዚያ አገር፣ በዚያ ዘመን፣ በዚህ ዓይነት ልብ ፊልም ለመሥራት ተነሣ።

የመቀሱን ጠባይ ሳያውቁ መፍረድ አይቻልም። በፍራንኮ ስፔን ፊልም ሠሪ በመጀመሪያ ጽሑፉን ለሳንሱር ያስገባል። ጽሑፉ ሲፈቀድለት ፊልሙን ይቀርጻል። ቀርጾ ሲጨርስ ደግሞ ያንኑ ፊልም እንደገና ያስገባል። አንድ ሥራ ሁለቴ ይቆረጣል ማለት ነው። ለረጅም ዘመን ደግሞ የሚፈቀደውንና የሚከለከለውን የሚለይ፣ ታትሞ የወጣ ደንብ አልነበረም። ደንቡ ያለው በቆራጩ ሆድ ውስጥ ነው።

የውጭ ፊልሞች ንግግር በስፓኝኛ ድምፅ እንዲተካ በ1941 ታዘዘ። ይህ ለመቀሱ ሌላ እጅ ጨመረለት፤ ምስሉን መቁረጥ ባይመች ንግግሩን መለወጥ ይቻላልና። «ሞጋምቦ» የተባለው የ1953 የአሜሪካ ፊልም ስፔን ሲደርስ ግሬስ ኬሊ የምትሠራት ባለትዳር ሴት ሌላ ወንድ መውደዷ ሳንሱሮቹን አስደነገጣቸው። ምን ቢያደርጉ ጥሩ ነው? በድምፅ ቅየራው ባልና ሚስቱን ወንድምና እኅት አደረጓቸው! ተመልካቹ ግን ዓይን አለውና እነዚያ «ወንድምና እኅት» አንዱ ለሌላው የባልና የሚስት አኳኋን ሲያሳዩ አየ። ምንዝርን እንሸሽጋለን ብለው ከዚያ የከፋ ኃጢአት ፈጠሩ። መቀስ ወለደች ከተባለ የወለደችው እንዲህ ያለውን ነው።

መቀሱ ለጌታውም አልራራም። «ራሳ» የተሰኘውን፣ በ1942 የወጣውን ፊልም ታሪክ በብዕር ስም የጻፈው ጄኔራል ፍራንኮ ራሱ ነበር። ሂትለርና ሙሶሊኒ ወድቀው አሜሪካን ማስደሰት ባስፈለገ ጊዜ፣ በ1950፣ ያው ፊልም የፋሺስት ሰላምታው ተቆርጦ፣ ንግግሩ ተለውጦ፣ ስሙም ተቀይሮ እንደገና ወጣ። መቀስ ጥበብን የሚያሳድግ ቢሆን ኖሮ የፍራንኮ ፊልም የስፔን ሲኒማ ቁንጮ በሆነ ነበር። አልሆነም።

አሁን ወደ ባርዴም እንመለስ። ስሙን መጀመሪያ ያስጠራው በጽሑፍ የተሳተፈበት ሥራ ነው። «እንኳን ደህና መጡ ሚስተር ማርሻል» (1953) የተባለውን ፊልም ታሪክ ከቤርላንጋና ከቀልደኛው ጸሐፌ ተውኔት ሚጌል ሚኡራ ጋር ጻፈ፤ ቤርላንጋ ብቻውን አዘጋጀው። አሜሪካኖች እርዳታ ይዘው ይመጣሉ ሲባል አንዲት የካስቲያ ድሃ መንደር እንግዶቿን ለማስደሰት የአንዳሉሲያ ልብስ ለብሳ፣ የአንዳሉሲያ መንደር መስላ ትጠብቃለች። እያንዳንዱ ነዋሪ የሚመኘውን አንድ ነገር እየጠቀሰ ይመዘገባል። መኪኖቹ መጡ። አቧራቸውን አስነሥተው፣ ሳይቆሙ አለፉ። ለመንደሪቱ የቀራት የድግሱ ዕዳ ነው። ፊልሙ ካን ፌስቲቫል ላይ ሲታይ ከዳኞቹ አንዱ የነበረው አሜሪካዊው ተዋናይ ኤድዋርድ ጂ. ሮቢንሰን የአገሩ ባንዲራ በቦይ ውኃ ሲወሰድ የሚያሳየውን ትዕይንት ተቃወመ። በዚያው ዓመት መስከረም ወር የፍራንኮ መንግሥትና አሜሪካ የጦር ሰፈር ውል ተፈራረሙ።

እዚህ ላይ ባላጋራዎቼ ያጨበጭባሉ። «ይኸው! ሳንሱር ባይኖር እንዲህ ያለ ቅኔ ይገኝ ነበር?» ይላሉ። ቀስ እንበል። የፊልሙ አሠሪ ኩባንያ በመጀመሪያ የፈለገው የአንዳሉሲያ ዘፈን ያለበት፣ አንዲት ዘፋኝ የምትታይበት ቀላል ፊልም ነበር። ጸሐፊዎቹ ያንን ትእዛዝ ገልብጠው መሳቂያ አደረጉት። ብልሃቱን የቀሰቀሰው የገበያ ትእዛዝ ነው፤ የሳንሱር ቢሮ አይደለም። ገደብ ሁሉ አንድ አይደለም። ገጣሚ ቤት ይመታል፤ ቤት እንዲመታ ግን ፖሊስ ደጁ ላይ አይቆምም። ባለቅኔ ሰምና ወርቅ የሚያበጀው የቅኔ ቤት ልጅ ስለሆነ እንጂ የሚበላው ስላጣ ወይም የሚታሰር ስለሆነ አይደለም። ገደቡን የመረጠው ሰውና ገደብ የተጫነበት ሰው እኩል አይቆጠሩም።

«የብስክሌተኛው ሞት»ን (1955) እንይ። ባርዴም የጻፈውና ያዘጋጀው ይህ ፊልም ካን ላይ የዓለም አቀፍ የፊልም ሐያስያንን ሽልማት ሲያገኝ ዕድሜው 32 ነበር። አንድ የዩኒቨርሲቲ ረዳት መምህርና የሀብታም ሚስት የሆነች ውሽማው በመኪና ሲሄዱ አንድ ብስክሌተኛ ይገጫሉ። ሰውዬው ገና ነፍሱ አልወጣችም። ቆመው ቢረዱት ግንኙነታቸው ይገለጣል፤ ስለዚህ ጥለውት ይሄዳሉ። ከዚያ በኋላ ያለው ፊልም የፍርሃት ታሪክ ነው፤ በጦርነቱ ያሸነፈው፣ ጠግቦ የሚኖረው፣ ሌላው ሲሞት መንገዱን የሚቀጥለው ወገን ታሪክ።

ሳንሱሩ አመንዝራዋ ሳትቀጣ ፊልሙ እንዲያልቅ አልፈቀደም። ስለዚህ በመጨረሻ ፍቅረኛዋን በመኪና ገድላ ስትሸሽ መንገድ ላይ ሌላ ብስክሌተኛ ይመጣባታል፤ እርሱን ለማዳን መሪዋን ስትጠመዝዝ ከድልድይ ወድቃ ትሞታለች። ብስክሌተኛው ወርዶ ያያታል። ከዚያም መብራት ወደሚታይበት ቤት፣ ሰው ለመጥራት ይሄዳል። «ምን ያለ መዝጊያ ነው! ሳንሱር የሰጠው ስጦታ!» ሲሉ ሰምቻለሁ። እኔ ግን ሒሳቡ ይለይ እላለሁ። ሴትዮዋ ትሙት ያለው ሳንሱሩ ነው። ያ ድሃ ብስክሌተኛ ሀብታሞቹ ያላደረጉትን እንዲያደርግ፣ ለሰው ነፍስ እንዲሮጥ ያደረገው ባርዴም ነው። መቀሱ ሬሳ ጠየቀ፤ ደራሲው ከሬሳው አጠገብ ሰው አቆመ። የሰውዬውን ሥራ ለመቀሱ መስጠት ወርቅ ላበደረ ጠጠር መመለስ ነው።

በዚያው በ1955 ግንቦት የሲኒማ ሰዎች በሳላማንካ ዩኒቨርሲቲ የሲኒማ ክበብ አማካይነት ተሰበሰቡ። ባርዴም የአገሩን ሲኒማ በአምስት ነጥብ ከሰሰው፦ በፖለቲካ ፋይዳ ቢስ፣ በማኅበራዊ ኑሮ ሐሰተኛ፣ በአእምሮ ዝቅተኛ፣ በጥበብ ባዶ፣ በኢንዱስትሪ ቀጫጫ ነው አለ። ብዙ ሰው የሚያስታውሰው ይህን ክስ ብቻ ነው። እኔን የሚያሳዝነኝ ግን በዚያ ስብሰባ የቀረበው ጥያቄ ነው። ሳንሱር ይቅር አላሉም፤ እንዲህ ማለት አይቻልምና። የሳንሱሩ ደንብ በጽሑፍ ይሰጠን አሉ! ሰው የሚገረፍበትን አለንጋ ርዝመት ለማወቅ ሲለምን አስቡት። የተጻፈው ደንብ የወጣው ከስምንት ዓመት በኋላ፣ በ1963 ነው። ባርዴም ከባልደረቦቹ ጋር ያቋቋማት «ኦብኼቲቮ» የተባለች የሲኒማ መጽሔት ግን ስምንት ዓመት አልጠበቀችም፤ በዚያው በ1955 ተዘጋች።

ቀጥሎ «ዋናው ጎዳና» (1956) መጣ። በአንዲት የጠቅላይ ግዛት ከተማ ሥራ ፈት ወንዶች ለጨዋታ ብለው አንዱ ጓደኛቸው ባል ያላገባች የሠላሳ አምስት ዓመት ሴት እንዲያፈቅር ያደርጉታል፤ ማለት ያፈቀረ እንዲመስል። ሴትዮዋ ታምናለች። ቀልዱ ሲገለጥ ከተማውን ለቃ መሄድ ትችላለች፤ አትሄድም። ዋናውን ሰው የምትጫወተው ቤትሲ ብሌር ነበረች፤ እርሷም በአሜሪካ በፖለቲካ አቋሟ ጥቁር መዝገብ የገባች ናት። ፊልሙ በመቀረጽ ላይ ሳለ፣ በየካቲት 1956፣ ማድሪድ ውስጥ የተማሪዎች ረብሻ ተነሣ። ባርዴም ከሥራው ቦታ ተወስዶ ታሰረ። ከውጭ አገር ጭምር ጩኸት ሲበዛ ተፈታና ፊልሙን ጨረሰ። ሳንሱሩ ደግሞ በመግቢያው ላይ አንድ ንግግር አስጨመረበት፤ ታሪኩ በየትኛውም አገር፣ በየትኛውም ከተማ ሊደርስ የሚችል ነው የሚል። ስፔን አይደለችም በሉ ማለት ነው። አንዳንድ ሐያሲ ይህንንም «ሁለንተናዊነት» ብሎ ሲያመሰግን አይቻለሁ። በግድ የተነገረ ውሸት መቼ ነው ፍልስፍና የሆነው?

ከሁለት ዓመት በኋላ ስለ ድሃ አጫጆች የሠራው ፊልም «አጫጆቹ» መባል ነበረበት፤ ስሙ የካታላኖችን መዝሙር ስለሚያስታውስ «በቀል» ተባለ። ይህ ስሙ የተለወጠ ፊልም ለአሜሪካው ኦስካር በውጭ ቋንቋ ዘርፍ በመታጨት ከስፔን ፊልሞች የመጀመሪያው ሆነ። መንግሥቱ በውጭ የሚኮራበትንና በውስጥ የሚቆርጠውን ሰው እንዲህ አድርጎ ያዘው።

አሁን የባላጋራዎቼን ትልቁን መሣሪያ ራሴ ላውጣላቸው። ባርዴም ከመሪዎቹ አንዱ የሆነበት ኡኒንሲ የተባለ የፊልም ኩባንያ ነበር። ይህ ኩባንያ ከሌሎች ጋር ሆኖ በስደት ይኖር የነበረውን ታላቁን ሉዊስ ቡንዩኤልን ወደ አገሩ ጠርቶ «ቪሪዲያና»ን አሠራው። በቡንዩኤል ጽሑፍ መጨረሻ ላይ የቀድሞዋ መነኩሲት ቪሪዲያና የአጎቷን ልጅ በር ታንኳኳለች፤ ትገባለች፤ በሩ ይዘጋል። ሳንሱሩ ይህ አይሆንም አለ። ቡንዩኤል ለወጠው፦ ስትገባ ሌላ ሴት አለች፤ ሦስቱም ተቀምጠው ካርታ ይጫወታሉ። ከፊተኛው ይልቅ የሚያጠራጥር፣ የሚያስቅ፣ የሚያሳፍር ሆነ። ቡንዩኤል ራሱ የተለወጠው እንደሚበልጥ ተናግሯል። እንግዲህ ሳንሱር አንድ ጊዜ ለጥበብ ውለታ ዋለ ከተባለ ይህ ነው። አልክድም።

የውለታው ዋጋ ስንት ነበር? ፊልሙ በ1961 ካን ላይ የወርቅ ዘንባባውን ከአንድ የፈረንሳይ ፊልም ጋር ተካፈለ። የስፔን ሲኒማ ዋና ሹም መድረክ ላይ ወጥቶ ሽልማቱን በደስታ ተቀበለ። ወዲያው የቫቲካኑ ጋዜጣ ፊልሙን አወገዘ። ሹሙ ከሥልጣኑ ተሻረ። ፊልሙ በስፔን ታገደ፤ ስፔናውያን በአገራቸው ሲኒማ ቤት ያዩት ከ16 ዓመት በኋላ፣ በ1977 ነው። ኡኒንሲም ፈረሰ። አንዲት የተሻለች መዝጊያ ተገኘች፤ ፊልሙ፣ ኩባንያውና በኩባንያው ሊሠራ የታሰበው ሁሉ ጠፋ። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ማለት ይህ ነው። ቡንዩኤል ሜክሲኮና ፓሪስ ነበሩት። ባርዴም ማድሪድ ቀረ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን የሳንሱር ወዳጆች አያነሡትም። የ38 ዓመት ሰው፣ በሙያው ጉልበት ላይ ያለ ሰው፣ ቤቱ ፈረሰበት። በ1963 አርጀንቲና ሄዶ አንድ ፊልም ሠራ። በዚያው ዓመት «ምንም አይከሰትም» የተባለ ደህና ፊልም ሠርቶ የሚገባውን ጆሮ አላገኘም። ከዚያ ከውጭ አገር ኩባንያዎች ጋር የሚሠራ የገበያ ፊልም፣ የጦርነት ፊልም፣ የዘፈን ፊልም ተከታተለ። በ1973 ኦማር ሸሪፍን ካፒቴን ኔሞ አድርጎ የጁል ቬርንን «ምስጢራዊው ደሴት» አዘጋጀ። አብሮት ያዘጋጀው ማን ነበር? ፈረንሳዊው ሄንሪ ኮልፒ፤ በ1961 ከ«ቪሪዲያና» ጋር የወርቅ ዘንባባውን የተካፈለው ሰው! በአሥራ ሁለት ዓመት ውስጥ ከካን መድረክ እስከ ልጆች የባሕር ተረት። እንጀራ ነውና አልነቅፈውም። ግን ይህንን ዓመታት የበላው ማን እንደሆነ ይጻፍ።

ፍራንኮ በኅዳር 1975 ሞተ። የሲኒማ ሳንሱር በሕግ የተሻረው በኅዳር 1977 ነው። «ከዚያ በኋላስ ምን ሠራ?» ይሉኛል። ሠራ። በ1977 «ድልድይ» ወጣ፤ ስፔኖች በበዓል መካከል የሚያያይዙትን የዕረፍት ቀን የሚጠሩበት ስም ነው። የቀላል ኮሜዲ ተዋናይ የነበረውን አልፍሬዶ ላንዳን በሞተር ብስክሌት ከማድሪድ ወደ ባሕር ዳርቻ ሰደደው፤ ለመዝናናት የወጣ መካኒክ በመንገድ ላይ አገሩን አይቶ ይመለሳል። በ1979 ደግሞ «የጥር ሰባት ቀናት»ን ሠራ። በጥር 24 ቀን 1977 ታጣቂዎች በማድሪድ አቶቻ መንገድ የሠራተኛ ጠበቆች ቢሮ ገብተው አምስት ሰው ገደሉ፤ አራት አቆሰሉ። ብዙ ሳይቆይ ያንን በስሙ ጠርቶ ፊልም አደረገው። ሰም የለውም፤ ወርቅ ብቻ ነው።

እነዚህ ፊልሞች «የብስክሌተኛው ሞት»ን ያህላሉ? አያህሉም። ድርቅ ይላሉ፤ አንዳንዴም ይሰብካሉ። ግን ሳንሱሩ ሲሻር ሰውዬው 55 ዓመቱ ነበር። ሩብ ምዕት ዓመት እግሩን አስረውት ሲያበቁ ፈትተው «ሩጥ» አሉት። ሲያነክስ ደግሞ «አያችሁ፣ ገመዱ ነበር የሚያስሮጠው» ይላሉ! እንዲህ ያለውን ዳኝነት በሌላ በማንኛውም ሙያ ብናየው እንስቃለን። በጥበብ ጊዜ ግን ፍልስፍና እንለዋለን።

ባርዴምን ታቦት ላደርገው አልፈልግም። ፓርቲው ሥልጣን በያዘባቸው አገሮች መቀሱ አልተጣለም፤ እጅ ብቻ ቀየረ። በ1982 ቡልጋርያ ሄዶ ስለ ጆርጂ ዲሚትሮቭ ፊልም ሲያዘጋጅ በዚያም አገር ያለ መንግሥት ፈቃድ የሚሠራ ፊልም አልነበረም። በማድሪድ ያንገፈገፈው ነገር በሶፍያ አላንገፈገፈውም። ይህ የእርሱ ጉድለት ነው። ነገሬን ግን ያጠነክረዋል እንጂ አያላላውም፤ በወዳጅ እጅ የነበረችው መቀስም ትልቅ ፊልም አልወለደችለትም። ባርዴም በ2002 መጀመሪያ የአገሩን የፊልም አካዳሚ የክብር ጎያ ሽልማት ተቀበለ፤ በዚያው ዓመት ጥቅምት ላይ በ80 ዓመቱ ሞተ።

እንግዲህ የሳንሱር ናፋቂዎች የሚቆጥሩት የተረፈውን ነው። ከእሳት የወጣውን ወርቅ እያሳዩ እሳቱን ያመሰግናሉ። ፊልም ግን በእሳት አይፈተንም፤ ይነዳል። ወረቀትም እንዲሁ። በቢሮ መሳቢያ ውስጥ የቀረ ጽሑፍ፣ «ይህማ አያልፍም» ተብሎ ከመጻፉ በፊት የሞተ ሐሳብ፣ ዳይሬክተር መሆን ሲችል ፈርቶ ሌላ እንጀራ የፈለገ ወጣት፤ እነዚህን ማን ይቆጥራቸዋል? ባርዴም የተረፈ ነው። በተረፈው ሰው ማስረጃነት ያልተረፉትን መክሰስ ነው ነውሩ።

ነጻነት ብዙ መጥፎ መጽሐፍ አያሳትምም ወይ? ያሳትማል። ብዙ ከንቱ ፊልም አያወጣም ወይ? ያወጣል፤ እኔም ከፍዬ እየገባሁ ተናድጄ ወጥቻለሁ። መጥፎ መጽሐፍ ግን ይከደናል። መጥፎ ሐያሲ መልስ ይሰጠዋል። መጥፎ ፊልም ወንበሩ ባዶ ይሆንበታል። ያልተጻፈውን መጽሐፍ ግን ገልጦ ማንበብ የቻለ ሰው እስከ ዛሬ አላየሁም።

ከእንግዲህ «ሳንሱር በነበረ ጊዜ» የሚል ሰው ሲገጥምዎ፣ አንባቢ ሆይ፣ አንድ ነገር ብቻ ይጠይቁት፦ እንዲያ ከጠቀመ፣ በመጀመሪያ የማንን ጽሑፍ ይቁረጡልህ? የራሱን የሚያቀርብ ከሆነ እኔም ክርክሬን አነሣለሁ።